ከወንዙ በታች ያለው ባልንጀራ

ሰው በሰው ላይ የሚሠራው በደል ሁለት ዓይነት ነው። አንደኛው በዐይን የሚታይ በደል ነው፤ ይኸውም የመታው ሰው የተመታውን እያየ፣ የሰረቀውም ሰው የማንን ገንዘብ እንደ ወሰደ እያወቀ የሚያደርገው ነው። ለዚህ ዓይነቱ በደል ዳኛ አለ፤ ምስክር አለ፤ ካሣ አለ። ይህ ሁሉ ቢጠፋ እንኳ የተበደለው ሰው ዐይን አለ፤ በዳዩም ያንን ዐይን እያሰበ እንቅልፍ ሊያጣ ይችላል። ሁለተኛው ግን በዳይና ተበዳይ ሳይተያዩ የሚፈጸም በደል ነው። በዳዩ የተበዳዩን ስም አያውቅም፤ ተበዳዩም ማን እንደ ጐዳው ሳያውቅ ይታመማል፣ ሳያውቅም ይሞታል። ከዚህ ከሁለተኛው ዓይነት መካከል በየቀኑ የሚሠራው፣ እንደ በደልም የማይቈጠረው፣ ውኃን ማበላሸት ነው።

እንግዲህ በዚህ ጽሑፍ የምንመረምረው ጥያቄ ይህ ነው። አይቼው ለማላውቀው፣ ወደ ፊትም ለማላየው፣ ብጐዳው ሊከሰኝ፣ ብጠቅመውም ሊያመሰግነኝ ለማይችል ሰው ዕዳ አለብኝን? ጥያቄው ለፈላስፎች ብቻ የሚቀርብ ይመስላል። ነገር ግን በእጁ ባልዲ ይዞ ወደ ቦይ የሚሄድ ሰው ሁሉ፣ ቢያውቀውም ባያውቀውም፣ ለዚህ ጥያቄ መልስ እየሰጠ ነው።

አባቶቻችን ስለ ውኃና ስለ ፍርድ የሚተርቱት ተረት አለ። ጅብ ከወንዙ በላይ፣ አህያ ከወንዙ በታች ሆነው ውኃ ይጠጡ ነበር። ጅቡም አህያዪቱን «ውኃውን ለምን ታደፈርሽብኛለሽ?» ብሎ ተቈጣት። እርስዋም ውኃ ከላይ ወደ ታች እንጂ ከታች ወደ ላይ እንደማይወርድ፣ ይህንንም ብታስረዳው እንደማይጠቅማት ስላወቀች «አያ ጅቦ፣ ሳታመኻኝ ብላኝ» አለችው ይባላል።

ይህን ተረት ብዙ ጊዜ የምናነሣው ሰበብ ፈላጊን ለመውቀስ ነው። ዳሩ ግን ሌላም ትምህርት አለበት። በጐረቤትና በጐረቤት መካከል ሰላም የሚጠበቀው በፍቅር ብቻ አይደለም፤ በመተፋፈርና በመፈራራትም ጭምር ነው። እኔ ጥራጊዬን በአጥሩ በኩል ወደ ግቢው ብጥል፣ እርሱም በተራው ወደ ግቢዬ ሊጥል ይችላል። ስለዚህ እጄን እሰበስባለሁ። በወንዝ ላይ ግን እንዲህ ያለ ብድር የለም። ከላይ ያለው ከታች ያለውን ሊጐዳው ይችላል፤ ከታች ያለው ግን ጉዳቱን ወደ ላይ ሊመልስ አይችልም። መፈራራት በሌለበት ስፍራ ደካማውን የሚጠብቀው ከላይ ያለው ሰው ኅሊና ነው። ኅሊናም ከሌለ ከታች ያለው ሰው እንደ አህያዪቱ ነው።

አሁን ከተረቱ ወደ ምድራችን እንመለስ። የአዋሽን ወንዝ እንውሰድ። አዋሽ ከአዲስ አበባ በስተ ምዕራብ በጊንጪ አካባቢ ካለው ደጋ ይነሣና በሸለቆው ውስጥ 1,200 ኪሎ ሜትር ያህል ተጕዞ በጅቡቲ ወሰን አጠገብ በአቤ ሐይቅ ያልቃል። መልክዓ ምድር ሳስተምር ተማሪዎቼ ይህን በቃላቸው ያጠኑት ነበር። የወንዙን መነሻና መድረሻ በካርታው ላይ በዘንግ ማመልከት የማይችል ተማሪ አልነበረም። ነገር ግን በመነሻውና በመድረሻው መካከል ማን ምን እንደሚጨምርበት፣ ማንስ ከእርሱ እንደሚጠጣ ካርታው አይናገርም። የግብረ ገብ ትምህርት የሚጀምረው ካርታው ዝም ከሚልበት ስፍራ ነው።

የአዲስ አበባን ከተማ አቋርጠው የሚወርዱት ትልቁና ትንሹ አቃቂ የፋብሪካውን ፍሳሽ፣ የጋራዡን የተቃጠለ ዘይት፣ የመጸዳጃ ቤቱንም ፍሳሽ ተሸክመው ወደ አባ ሳሙኤል ግድብ፣ ከዚያም ወደ አዋሽ ይገባሉ። በመንገዳቸውም ላይ በዚሁ ውኃ ጐመንና ሰላጣ ይበቅልበታል፤ አትክልቱም ተመልሶ ወደ ከተማው ገበያ ይወጣል። በሞጆ ደግሞ የቆዳ ፋብሪካዎች አሉ። ቆዳን ለማልፋት ክሮሚየም የሚባል ማዕድን ያለበት መድኃኒት ስለሚያስፈልግ፣ በሚገባ ሳይጣራ የተለቀቀ ፍሳሽ ይህንኑ ይዞ በሞጆ ወንዝ በኩል ወደ ቆቃ ይወርዳል። ከእርሻው የታጠበው ማዳበሪያም እዚያው ይከማቻል፤ በዚህም የተነሣ ሐይቁ ላይ መርዝ ሊያወጣ የሚችል አረንጓዴ ሽበት ይበቅላል። በዳርቻው የሚኖሩ ሰዎች ዓሣ የሚያጠምዱት፣ ከብት የሚያጠጡት፣ ሌላ ያጡትም በጀሪካን የሚቀዱት ከዚሁ ነው።

ከቆቃ በታች ወንጂ አለ፤ አዳማ አለች፤ ሶደሬ አለ። የአዳማ ከተማ በቧንቧ የምትጠጣው ከአዋሽ ተስቦ የተጣራውን ውኃ ነው። ማጣሪያ ጭቃንና ተሐዋስያንን ይይዛል እንጂ በውኃ ውስጥ የሟሟውን ሁሉ አያስቀርም። ከዚያም በታች የኑራ ኤራና የመርቲ ጄጁ እርሻዎች፣ ቀጥሎም የመተሐራ ሸንኮራ አገዳ በዚሁ ውኃ ይለማሉ። ከዚያ ወዲያ ወንዙ ወደ አፋር ይገባል። በዚያ በረሓ አዋሽ ማለት ሕይወት ማለት ነው፤ አርብቶ አደሩና ግመሉ ከአንድ ወንዝ ይጠጣሉ።

ስለ አዋሽ ከሁሉ ይልቅ ልብ ልንለው የሚገባው አንድ ነገር አለ፤ አዋሽ ወደ ባሕር አይደርስም። ከሌሎች ታላላቅ ወንዞች ብዙዎቹ የተሸከሙትን ይዘው ባሕር ውስጥ ይገባሉ፤ አዋሽ ግን የሰጠነውን ሁሉ ይዞ እዚሁ በሸለቆው ውስጥ ይቀራል። ስለዚህ ቆሻሻን በአዋሽ ላይ ጥሎ «ሄደልኝ» ማለት፣ ጥራጊን ከእልፍኝ አውጥቶ ጓዳ ውስጥ እንደ ማስቀመጥ ነው። ከቤት አልወጣም።

አንባቢዬ ምናልባት «ይህ ሁሉ የአዲስ አበባና የሞጆ ነገር ነው፤ በአቦምሳ የምኖር እኔ ምን አገባኝ?» ይል ይሆናል። እንዲያውም አቦምሳ ስለዚህ ነገር ለማሰብ ከሁሉ የተመቸች ስፍራ ናት። ከተማችን ከአርሲ ደጋ እግር ሥር፣ ከአዋሽ ሸለቆ በላይ ተቀምጣለች። ከደጋው የሚወርዱትን ጅረቶች በተመለከተ ከታች ነን፤ በቆላው ለሚኖሩት ደግሞ ከላይ ነን። ላይኛው ገበሬ ዳገቱን ቢመነጥረው ደለሉና ጐርፉ ወደ እኛ ይመጣል፤ እኛም መኪናችንን በጅረት ውስጥ ብናጥብ፣ የሞተ ውሻ በገደል ብንጥል፣ የጫቱን ገረባና የገበያውን ጥራጊ በቦይ ብንከምር፣ ያ ሁሉ ወደ ቆላው ይወርዳል። ስለ ላይኛው ሰው ስናማርር ትክክለኛውን ፍርድ እናውቃለን። ያንኑ ፍርድ በራሳችን ላይ መፍረድ ግን ይከብደናል።

በወንዝ ላይ የላይኛውና የታችኛው ስም የማዕርግ ስም አይደለም። ተራራ ጫፍ ላይ ካለው ምንጭ የሚጠጣ ሰው ካልሆነ በቀር እያንዳንዱ ሰው ለአንዱ ላይኛ፣ ለሌላው ታችኛ ነው። በኑሮም እንዲሁ ነው። ሹሙ ለጸሐፊው፣ መምህሩ ለተማሪው፣ ወላጅ ለልጁ፣ የዛሬው ትውልድ ለነገው ከላይ ናቸው። የሚያደርጉት ሁሉ ይወርዳል።

ነቢዩ ሕዝቅኤል ስለ ሰቡት በጎች የተናገረውን የሚያነብ ሰው ይህን በደል ጥንትም እንደ ነበረ ይረዳል። የሰቡት በጎች ጥሩውን ውኃ ከጠጡ በኋላ የቀረውን በእግራቸው አደፈረሱት፤ የደከሙትም በጎች ከዚያ ሊጠጡ ግድ ሆነባቸው። ነቢዩ የሰቡትን የወቀሳቸው ስለ ጠጡ አይደለም። መጠጣት ኀጢአት አይደለምና። የወቀሳቸው ጠጥተው ከረኩ በኋላ፣ ለራሳቸው ምንም በማይጨምርላቸው ነገር፣ የሌላውን ድርሻ ስላበላሹ ነው። በየወንዛችን ላይ የሚሠራው በደል አብዛኛው እንዲህ ያለ ነው። የተቃጠለ ዘይት ቦይ ውስጥ የሚያፈስ ሰው ጥቂት ርምጃ ከመራመድ ዳነ እንጂ ሌላ ያተረፈው የለም።

ይሁን እንጂ ባለማወቅ የተሠራ ጥፋት በደል ነውን? ለዚህ ጥያቄ በሩቅ አገር የሆነ አንድ ነገር ጥሩ ምሳሌ ይሆነናል። እ.ኤ.አ. በ1854 በለንደን ከተማ ብሮድ ስትሪት በሚባለው መንገድ አካባቢ ኮሌራ ገብቶ ከ600 በላይ ሰዎች በጥቂት ሳምንታት ውስጥ አለቁ። በዚያን ጊዜ ሊቃውንቱ ሳይቀሩ በሽታው በመጥፎ አየር የሚመጣ ይመስላቸው ነበር። ጆን ስኖው የሚባል ሐኪም ግን በየቤቱ እየዞረ የሟቾቹን መኖሪያ መዘገበ፤ ሟቾቹም አብዛኞቹ ከአንድ የሕዝብ ውኃ መቅጃ የጠጡ ሆነው ተገኙ። የአካባቢው ሹማምንትም የመቅጃውን እጄታ አስወለቁት። ሄንሪ ዋይትሄድ የሚባል የዚያ ሰፈር ቄስ፣ መጀመሪያ የሐኪሙን ቃል ያላመነ ሰው፣ በኋላ ራሱ መረመረና የመነሻውን ነገር አገኘ። አንዲት እናት የታመመ ሕፃንዋን የሽንት ጨርቅ አጥባ እጣቢውን በቤትዋ ሥር ባለው የቆሻሻ ጕድጓድ ውስጥ አፍስሳው ነበር፤ ጕድጓዱም አርጅቶ ስለ ነበር ወደ ውኃው ጕድጓድ ያንጠባጥብ ኖሮአል።

ያችን እናት ማን ይፈርድባታል? የታመመ ልጅዋን ከማስታመም በቀር ያደረገችው ነገር የለም። በዚያን ዘመን የምታውቀውም ሆነ ልታውቀው የምትችለው አልነበረም። ስለዚህ እርስዋ ንጹሕ ናት። ነገር ግን ከዚያ ምርመራ በኋላ የሰው ልጅ ዐወቀ። ያወቀ ሰው ያንኑ ሥራ ቢሠራ እንደ እርስዋ ንጹሕ ሊባል አይችልም። ኮሌራ የለንደን ታሪክ ብቻ ሆኖ አልቀረም። በአገራችን በነሐሴ 2014 ዓ.ም. በባሌ የተነሣው ኮሌራ ከወረዳ ወደ ወረዳ እየተዛመተ ለብዙ ወራት ሰው ፈጅቶአል። በሽታው እንዴት እንደሚተላለፍ ከታወቀ ከመቶ ስድሳ ዓመታት በኋላ መሆኑ ነው። አለማወቅ ይቅር የሚባለው ማወቅ እስካልተቻለ ድረስ ነው። ማወቅ እየተቻለ አለማወቅን መምረጥ ግን ራሱ በደል ነው።

በዚህ በስምጥ ሸለቆ ለምንኖር ሰዎች ደግሞ ዕውቀት የሚያስፈልግበት ሌላ ምክንያት አለ። በሸለቆው ውስጥ ከጥልቅ ጕድጓድ የሚወጣው ውኃ ብዙ ጊዜ እንደ መስተዋት የጠራ ነው፤ ሽታም ጣዕምም የለውም። ነገር ግን ከእሳተ ገሞራው ድንጋይ የሟሟ ፍሎራይድ የሚባል ነገር አለበት። የዓለም ጤና ድርጅት በአንድ ሊትር ውኃ ውስጥ ከ1.5 ሚሊግራም እንዳይበልጥ ይመክራል፤ ብዙዎቹ የሸለቆው ጕድጓዶች ግን ከዚህ በላይ አላቸው። ጥርሳቸው በመብቀል ላይ ያለ ልጆች ይህን ውኃ የጠጡ እንደ ሆነ ጥርሳቸው ይበልዛል፤ ለብዙ ዓመታት የጠጣውም ሰው አጥንቱ እየደረቀና እየጐበጠ ይሄዳል። በወንጂ ይህ ሕመም በሸንኮራ አገዳው እርሻ ሠራተኞች ላይ ታይቶአል። እዚህ ላይ ወንጀለኛ የለም፤ ውኃውን የመረዘው ሰው አይደለምና። ነገር ግን ውኃውን ሳይመረምር ጕድጓድ ቆፍሮ ለሕዝብ የሚሰጥ ሰው፣ አሳቡ ምንም ያህል በጎ ቢሆን፣ ጉዳት ሊያደርስ ይችላል። በጎ አሳብ ብቻውን አይበቃም፤ ዕውቀትን ይዞ መሄድ አለበት። ደግሞም የሚያሳዝነው ይህ ነው፤ ብዙ የሸለቆው ከተሞች ከፍሎራይዱ ለመዳን የሚመኩት በወንዝ ውኃ ነው። ወንዙን ካበላሸነው ወዴት እንሸሻለን?

በዚህ ነገር ላይ ሰዎች ብዙ ጊዜ የሚያነሡአቸው ሦስት ክርክሮች አሉ፤ እያንዳንዱንም በትዕግሥት ልንመረምረው ይገባል።

የመጀመሪያው የእንጀራ ክርክር ነው። «ፋብሪካው ለብዙ ሰው ሥራ ሰጥቶአል፤ ማጣሪያ ሥራ ብለን ብናስጨንቀው ይዘጋል፤ ሠራተኛውም ይራባል» ይላሉ። ይህ ክርክር የሚናቅ አይደለም፤ ረኀብም እንደ መርዝ ይገድላልና። ነገር ግን ሒሳቡን በደንብ እንሥራው። ፍሳሹን ማጣራት ገንዘብ ይጠይቃል። ባለ ፋብሪካው ሳያጣራ ቢለቀው ያ ወጪ አልጠፋም፤ ከፋዩ ተለወጠ እንጂ። የቆቃ ዓሣ አጥማጅ በዓሣው፣ የእርሻው ሠራተኛ በጤናው፣ እናትም ልጅዋን በማሳከም ይከፍሉታል። በርካሽ የተሸጠው ጫማ በእውነት ርካሽ አይደለም፤ ከዋጋው ከፊሉን የከፈለው ጫማውን ያልገዛ ሰው ነው። ስለዚህ የምንጠይቀው ፋብሪካው እንዲዘጋ አይደለም። የሚያተርፈው ወጪውን እንዲከፍል፣ አቅም ያነሰውም በመንግሥት እየታገዘ ቀስ በቀስ እንዲያሟላ፣ ዕቃውን የምንገዛውም ድርሻችንን እንድንሸከም ነው።

ሁለተኛው የትንሽነት ክርክር ነው። «የእኔ አንዲት ባልዲ፣ የእኔ አንዲት ፌስታል ምን ታመጣለች?» የሚል ነው። «ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ጌጡ» ይባላል። ይህ ምሳሌ ለመልካም ሥራ የተነገረ ነው፤ ነገር ግን ለክፉም ሥራ ይሠራል። ሃምሳ ሰው አንድ ጥፋት ሲከፋፈል ለእያንዳንዱ የሚደርሰው አንድ ሎሚ ብቻ ስለ ሆነ ክብደቱ አይሰማውም። ከታች ያለው ሰው ግን የሚቀበለው ሃምሳውን በአንድነት ነው። ጥፋቱ ትንሽ የሚመስለን ከእኛ በኩል ስለምንመዝነው ነው፤ ከእርሱ በኩል ብንመዝነው ሌላ ይሆናል።

ሦስተኛው «ይህ የመንግሥት ሥራ ነው» የሚለው ክርክር ነው። በከፊል እውነት ነው። ቧንቧ የሚዘረጋ፣ ፋብሪካን የሚቈጣጠር፣ ለቤት የሚሆን ቦታ የሚመራ መንግሥት ነውና። ሕግም ቢሆን አልጠፋም። በ1987 ዓ.ም. የወጣው ሕገ መንግሥት በ44ኛው አንቀጽ በንጹሕና ጤናማ አካባቢ መኖር የሁሉ ሰው መብት መሆኑን ደነገገ፤ በ92ኛው ደግሞ አካባቢን የመጠበቅ ግዴታ የመንግሥትም የዜጎችም መሆኑን ጨመረበት። በ1992 ዓ.ም. የውኃ ሀብት አስተዳደር አዋጅ፣ በ1995 ዓ.ም. የአካባቢ ብክለት ቁጥጥር አዋጅ ወጡ። በ2017 ዓ.ም. ደግሞ ምክር ቤቱ ፌስታልን የሚከለክል አዋጅ አጸደቀ። ዳሩ ግን ሕግ እንደ ዘበኛ ነው፤ አንድ ዘበኛ በአንድ ጊዜ በሁሉም በር ሊቆም አይችልም። ፍሳሽ የሚለቀቀው ብዙ ጊዜ በሌሊት ወይም ዝናብ በሚወርድበት ሰዓት ነው። በዚያ ሰዓት ሕጉ ይተኛል፤ ቧንቧውን በሚከፍተው ሰው ደረት ውስጥ ያለው ኅሊና ካልተኛ ግን ወንዙ ይድናል።

እዚህ ላይ ፍርዳችን ሚዛኑን እንዳይስት መጠንቀቅ አለብን። መጸዳጃ ቤት የመሥሪያ ቦታም ገንዘብም የሌላት ድኻ ሴትና ማጣሪያ ለመሥራት እየቻለ ትርፉን ለማብዛት የተወው ባለ ሀብት እኩል ጥፋተኞች አይደሉም። ኀላፊነት በዕውቀትና በአቅም ልክ ነው። ብዙ የሚያውቅና ብዙ የሚችል ብዙ ይጠየቃል። ስለ ንጽሕና ስንናገር ጣታችንን መጀመሪያ በድኻው ላይ የምንቀስር ከሆነ፣ እኛው ራሳችን ሰበብ ፈላጊው ጅብ ሆነናል ማለት ነው።

ውኃ በቆሻሻነቱ ብቻ አይደለም የሚጐዳው፤ በብዛቱም ይጐዳል። ጐርፍ በመጣ ጊዜ «የእግዚአብሔር ቍጣ ነው» ማለት የተለመደ ነው። የፈጣሪን አሳብ የሚመረምር የለም። ነገር ግን ይህ ቃል ብዙ ጊዜ የራሳችንን እጅ መታጠቢያ ሆኖአል። ዝናቡ ከሰማይ ነው፤ ዝናቡን ጐርፍ የሚያደርገው ግን አብዛኛውን ጊዜ ምድር ላይ የተሠራው ሥራ ነው። ደን ባለበት ዳገት ላይ የወረደ ዝናብ ከፊሉ ወደ መሬት ይሰርጋል፤ በተራቈተ ዳገት ላይ የወረደው ግን አፈሩን ይዞ በአንድ ጊዜ ይንደረደራል። የቆቃ ግድብ በ1952 ዓ.ም. ሲመረቅ የኤሌክትሪክ ኀይል ከመስጠቱ በላይ የክረምቱን ውኃ ይዞ የታችኛውን አገር ከጐርፍ የሚያስታግሥ ነበር። ከዚያ ወዲህ ከደጋው የታጠበው አፈር ጥቂት የማይባለውን ክፍሉን ስለ ሞላው ሊይዝ የሚችለው ውኃ ቀንሶአል። እንግዲህ በደጋ ዛፍ የቈረጠው ሰው ሳያውቀው በአፋር ያለውን ጐረቤቱን ከለላ ቈርጦበታል። በ2012 ዓ.ም. ክረምት አዋሽ ከልክ በላይ ሞልቶ በአፋር እጅግ ብዙ ሕዝብ ከቤቱ አፈናቀለ።

የድሬዳዋን ነገር ደግሞ እናስብ። ደቻቱ በበጋ አሸዋ ብቻ የሚታይበት ወንዝ ነው። በሐምሌ 1998 ዓ.ም. መጨረሻ ሕዝቡ ተኝቶ ሳለ ከላይ ከሐረርጌ ደጋ የወረደው ዝናብ በዚያ ደረቅ መንገድ መጣና ከ200 በላይ ሰዎችን ገደለ። ውኃ ለብዙ ዓመታት ሳይመጣ ቢቀርም መንገዱን አይረሳም። ሰው ግን ይረሳል፤ ረስቶም ይሠራበታል። አዳማም በዙሪያዋ ባሉት ኮረብቶች መካከል እንደ ሳሕን ስለ ተቀመጠች በየክረምቱ ከኮረብቶቹ የሚወርደው ውኃ ያስቸግራታል። ውኃ መውረጃው ቦይ በፌስታልና በሃይላንድ ዕቃ ተደፍኖ ሲገኝ ደግሞ ጐርፉ ሌላ መንገድ ይፈልጋል፤ የሚያገኘውም መንገድ የዝቅተኛው ሰፈር የድኻ ቤት በር ነው። ዛፉን የቈረጠው፣ ቦዩን የደፈነው፣ በውኃ መንገድ ላይ ቦታ የመራው ሰው ሁሉ እያንዳንዱ ትንሽ ሥራ ሠራ፤ ሦስቱ በአንድ ሌሊት ሲገናኙ ግን አንድ ቤተሰብ ይወሰዳል።

በአቦምሳና በአካባቢዋ ክርስቲያኑም እስላሙም፣ የአባቶቹን ሥርዓት የሚጠብቀውም ኦሮሞ በአንድነት ይኖራሉ። በብዙ ነገር ብንለያይም በአንድ ነገር አንለያይም፤ ይኸውም ውኃን በማክበር ነው። ክርስቲያኑ በውኃ ይጠመቃል፤ ጥምቀትንም በውኃ ዳር ያከብራል። እስላሙ ለሶላት ከመቆሙ በፊት በውኃ ይታጠባል። ኦሮሞውም ክረምቱ ሲያልፍ እርጥብ ሣርና አበባ ይዞ ወደ ሐይቅና ወደ መልካ ወርዶ በኢሬቻ ፈጣሪውን ያመሰግናል። ነፍሱን ለማንጻት ወይም ለማመስገን በውኃ አጠገብ የቆመ ሰው፣ በማግሥቱ ያንኑ ውኃ የቆሻሻ መጣያ ቢያደርገው ሃይማኖቱን ምን አደረገው? በበዓል ቀን ያከበርነውን በሥራ ቀን ማርከስ አምልኮታችንን ለታይታ ያደርገዋል።

ወጣት አንባቢዎቼ ሆይ፣ ይህ ሁሉ ነገር ከእናንተ አቅም በላይ መስሎ እንዳይታያችሁ። በመጀመሪያ የምትጠጡት ውኃ ከወዴት እንደሚመጣ፣ ያፈሰሳችሁትም ወዴት እንደሚሄድ ዕወቁ። ከቤታችሁ በር ተነሥታችሁ የሰፈራችሁን ቦይ እስከሚቀላቀልበት ጅረት ድረስ አንድ ቀን ተከተሉት፤ ከዚያ በኋላ እንደ ቀድሞው ልታፈስሱበት አትችሉም። መጸዳጃ ስትቆፍሩ ከውኃ ጕድጓድ ቢያንስ ሠላሳ ሜትር ርቃችሁ፣ ደግሞም ከጕድጓዱ በታች በኩል ቆፍሩ። የቦኖውን ዙሪያ ከጭቃና ከከብት ጠብቁ። የክረምቱ ዝናብ ከመጀመሩ በፊት፣ በግንቦት፣ ከጐረቤቶቻችሁ ጋር የሰፈራችሁን ቦይ ጥረጉ፤ ዝናቡ ከመጣ በኋላ መሯሯጥ አይጠቅምም፤ «ሳይቃጠል በቅጠል» ይባላልና። በዳገት ላይ ዛፍ ስትተክሉ ተክላችሁ አትሂዱ፤ እስኪጸድቅ ድረስ ጠብቁት።

ከእናንተም መካከል አንዳንዶቻችሁ ነገ መሐንዲስ፣ የጤና ባለ ሙያ፣ የማዘጋጃ ቤት ሹም፣ የፋብሪካ ሥራ አስኪያጅ ትሆናላችሁ። አንድ ቀን በፊታችሁ ወረቀት ይቀርባል፤ ፊርማችሁም አንድ ቧንቧ ወደ ወንዝ እንዲከፈት ወይም አንድ ቤት በውኃ መንገድ ላይ እንዲሠራ ይፈቅዳል። በክፍሉ ውስጥ ማንም የሚቃወማችሁ አይኖርም፤ የሚጐዳው ሰው ስለዚያ ወረቀት አልሰማምና። በዚያን ሰዓት ለእርሱ የሚናገርለት እናንተ ውስጥ ያለው ኅሊና ብቻ ይሆናል። እንግዲህ በመጀመሪያ የጠየቅነው ጥያቄ መልሱ በዚያን ጊዜ ይታወቃል። ላላየነው ሰው ዕዳ አለብን፤ የዕዳውም ወሰን ውኃችን እስከሚደርስበት ድረስ ነው። ከእናንተ በላይ ያለው ሰው እንዲያደርግላችሁ የምትሹትን፣ እናንተም ከእናንተ በታች ላለው አድርጉለት።